ኮርቻው ከስንተኛው ቀለበት ይጀምራል?

የምተርከው ነገር የጀመረው አንድ የሰኔ ቅዳሜ ከጠዋቱ በሦስት ሰዓት ነው፤ ያበቃው በማግስቱ እሑድ በሁለት ሰዓት ነው። በእነዚህ ሃያ ሦስት ሰዓታት ውስጥ ማንም አልመታኝም፣ ማንም አላስፈራራኝም፣ እኔም አንዲት ሐሰት አልተናገርሁም። ይህን በመግቢያዬ ላይ የማስቀምጠው ለመከላከያ አይደለም። አንብባችሁ ስትጨርሱ "ተገዳ ነው"፣ "ተሳስታ ነው" እያላችሁ የማይገባኝን ርኅራኄ እንዳታባክኑብኝ ነው።

ዘመኑ ደርግ ከተማውን ቤት ለቤት የሚያስፈትሽበት፣ "አሰሳ" የሚባለው ቃል ሕፃናትን እንኳ ዝም የሚያሰኝበት ዘመን ነበር። እኔ ሃያ አራት ዓመቴ ነው። ዛሬ ንፋስ ስልክ ላፍቶ በሚባለው ክፍለ ከተማ፣ ጎፋ ውስጥ፣ ከእናቴ ጋር እኖራለሁ። ከዩኒቨርሲቲ በሥነ ሕይወት ተመርቄ በአንድ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ማስተማር ከጀመርሁ ሁለተኛ ዓመቴን ይዣለሁ።

የመመረቂያ ጽሑፌ ስለ መሬት ትል ውጫዊ አካል ነበር። ላፍቶ ያን ጊዜ እርሻ ነው። ሁለት ክረምት ሙሉ የላስቲክ ቦት ጫማ አድርጌ ከገበሬዎቹ ማሳ ዳር ትል ስለቅም፣ ገበሬዎቹ "የዶሮ መኖ ነጋዴዋ መጣች" ይሉኝ ነበር። የለቀምሁትን እያንዳንዱን ትል ከአፉ ጀምሬ ቀለበት በቀለበት በመርፌ ጫፍ እየነካሁ ቆጠርሁ። አንድ ነገርም አገኘሁ። የደረሰ ትል ወገቡን እንደ መቀነት የሚከብ ወፈር ያለ፣ ለስላሳ፣ ቀለሙ ፈዘዝ ያለ ክፍል አለው። እኔ ኮርቻ ብዬዋለሁ። በመማሪያ መጽሐፋችን ላይ ኮርቻው ከሠላሳ ሁለተኛው ቀለበት ጀምሮ ሠላሳ ሰባተኛው ላይ ያበቃል። በላፍቶ ትሎች ላይ ግን ከአሥራ አራተኛው ጀምሮ አሥራ ስምንተኛው ላይ ያበቃል። መጽሐፉ አልዋሸም፤ የሚያወራው ስለ አውሮፓ ትል ነው። በአገራችን ያለ ተማሪ ሁሉ፣ በአገራችን ያለ መምህር ሁሉ፣ በእግሩ ሥር የሌለን ትል በቃሉ ይዞ ይኖር ነበር።

አማካሪዬ፣ የውጭ አገር ሰው፣ ጽሑፌን አንብቦ "ንጹሕ ሥራ ነው" አለና መሳቢያው ውስጥ ከተተው። ለሥራ ባልደረቦቼ ስነግራቸው አንዱ ሳቀብኝ። "ጽጌ፣ ፈተና ላይ የሚመጣው ሠላሳ ሁለት ነው። ልጆቹን አታደናግሪብን።" ከዚያ በኋላ ለማንም አልተናገርሁም። በውስጤ ግን እንደ ድንጋይ ተቀመጠ። እውነቱን የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ፤ የሚሰማኝ የለም።

በዚያ ቅዳሜ በሦስት ሰዓት በራችን ተንኳኳ። የቀበሌያችን አብዮት ጠባቂ በላይ ነው፤ ጠመንጃውን በትከሻው አንጠልጥሎ፣ እግሩ ላይ የተጋገረውን ጭቃ ከደጃፋችን ድንጋይ ላይ እየፋቀ ቆሟል።

"ሊቀመንበሩ ይፈልጉሻል።"

"ለምን ጉዳይ?"

"ለትል።"

"ለምን?"

"ለትል አልሁሽ እኮ! እኔ ምን አውቃለሁ፣ የተማራችሁት እናንተ።"

እናቴ ከኋላዬ ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ ቆማ ነበር። የዝናብ ካፖርቴን ለብሼ ወጣሁ።

ሊቀመንበሩ ጓድ ተካ ልብስ ሰፊ ነበር። የትምህርት ቤት ዩኒፎርሜን ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ የሰፋልኝ እሱ ነው። ሥልጣን ከያዘ በኋላም የስፌት መኪናውን አልሸጠም፤ የኮቱ ክፈፍ ላይ ሁልጊዜ ሁለት ሦስት ስፒል ተሰክቶ ይታያል። ስለ እሱ አንድ ነገር ልመስክር፤ ከጎረቤት ቀበሌዎች ሊቃነ መናብርት ጋር ሲነጻጸር ጨካኝ አልነበረም። በግምት መሥራትን ይጠላ ነበር። እጀ ጠባብ እንኳ ሦስት ጊዜ ሳይለካ አይቆርጥም።

"ተቀመጪ ጽጌ" አለኝ፤ ለብቻችን ስለሆንን "ጓድ" አላለኝም። "አንድ ሰው ይዘናል። ትናንት በአሰሳው፣ እዚህ ጉልት ሽንኩርት ከምትሸጠው ከማርታ ቤት። ወንድሜ ነው ትላለች። መሸኛ የለው፣ መታወቂያ የለው። አውቶቡስ ላይ ተሰረቅሁ ይላል።"

"ምንድን ነኝ ይላል?"

"መምህር። ከደቡብ፣ ከገጠር፣ ሳይንስ አስተምራለሁ ነው የሚለው። ለሕክምና መጣሁ ይላል።" ድምፁን ዝቅ አደረገ። "ከበላይ አካል የመጣልን ወረቀት አለ፤ በመምህር ስም ከቀበሌ ቀበሌ የሚዘዋወር አንድ ሰው ይፈለጋል። ረጅም ነው፣ ቀጭን ነው፣ ጠይም ነው ይላል። ይሄም ረጅም ነው፣ ቀጭን ነው፣ ጠይም ነው። እኔ ደግሞ በቁመት ብቻ ሰው አልልክም። ወዳለበት ትምህርት ቤት ደውዬ እንዳልጠይቅ እዚያ ስልክ የለም። ስለዚህ መጨረሻ ያስተማርኸው ምንድን ነው አልሁት። የመሬት ትል ውጫዊ አካል አለኝ።"

"እና?"

"እና አንቺ ትፈትኚዋለሽ። መምህር ከሆነ ያውቀዋል፤ ካልሆነ አያውቀውም። ጥያቄውንና መልሱን ጻፊልኝ፤ እኔ እጠይቀዋለሁ፣ አንቺ ትፈርጂያለሽ። በአማርኛ ይሁን፣ ሕዝቡ እንዲሰማ። ትሉን በላይ ከግቢው ቆፍሮ ያመጣል፤ እያሳየ ይመልሳል።"

"ካላወቀስ?"

ከክፈፉ ላይ አንዱን ስፒል ነቀለና መልሶ ሰካው። "ካላወቀ ወደ ከፍተኛው ይሄዳል። ከዚያ በኋላ በእኔ እጅ የለም።"

"ከፍተኛው" ማለት የቀበሌዎች የበላይ ጽሕፈት ቤት ነው። በዚያ ወራት ወደዚያ በመኪና የተወሰደ ሰው በእግሩ ሲመለስ አላየንም። ስለዚህ ወረቀቱን ተቀብዬ ብዕሬን ስከፍት ምን እንደተያዘ አውቅ ነበር። አራት ጥያቄዎችን ከነመልሳቸው ጻፍሁ። አራተኛው፦ "ኮርቻው ከስንተኛው ቀለበት ይጀምራል፣ በስንተኛው ያበቃል?" የሚል ነበር። መልሱን ስጽፍ ብዕሬ ለአፍታ ቆመች። ከዚያ "ከ14 እስከ 18" ብዬ ጻፍሁ። ሠላሳ ሁለት ብዬ መጻፍ እችል ነበር፤ ሁለቱንም መጻፍ እችል ነበር። ፊታችን የሚቀርበው ትል የጎፋ ትል ነው፤ ትክክለኛው መልስ አሥራ አራት ነው። እንዲህ ብዬ ነው ያሰብሁት።

የቀበሌው አዳራሽ በሳምንታዊ ስብሰባ ምክንያት ሞልቶ ነበር። ሰውየውን በላይ እየገፋ አስገባው። ሠላሳ አምስት ዓመት ያህል ይሆነዋል። ሸሚዙ ትናንት የተጎተተበት ቦታ ላይ ተቀድዷል፤ ቢሆንም እስከ አንገቱ ቆልፎታል። ስሙ ማርቆስ ነው። ከኋላ ወንበር ላይ እህቱ ማርታ ምሳ ዕቃ በጨርቅ ቋጥራ ጭኗ ላይ ይዛ ተቀምጣለች።

በላይ በቲማቲም ጣሳ አፈርና ትል ይዞ መጣ። ማርቆስ ዐይኑን ለአፍታ ጨፈነ።

"እየጸለየ ነው ጴንጤው!" አለ በላይ። "እስቲ ለትሉም ሃሌ ሉያ በልለት!"

አዳራሹ ሳቀ። ተካ ጠረጴዛውን መታ። "ጸጥታ! አንደኛ ጥያቄ። ፊቱና ኋላው በምን ይለያል?"

ማርቆስ ትሉን አውጥቶ መዳፉ ላይ አኖረው። ድምፁ ዝግ ያለ፣ የክፍል ውስጥ ድምፅ ነበር። "ልተወውና ይሂድ። መጀመሪያ ዘርጋ ብሎ መንገድ የሚፈልገው ጫፍ ፊቱ ነው። አያችሁ? ከአፉ በላይ እንደ ቆብ የምትደፋ ትንሽ ሥጋ አለችው። ዐይን የለውም፤ በእሷ እየዳሰሰ ነው የሚሄደው።"

"እንደ አድኃሪ በጨለማ!" አለ በላይ።

"ሁለተኛ። ጀርባና ሆዱስ?"

"ጠቆር ያለው ጀርባው ነው። መሐል ለመሐል የምትወርድ ቀጭን መስመር ትታያለች፤ የደም ሥሩ ናት። ሆዱ ገርጣ ያለ ነው።"

ተካ ወረቀቱን አየ፤ እኔን አየ፤ ራሴን ነቀነቅሁ።

"ሦስተኛ። እግር ሳይኖረው እንዴት ነው የማይንሸራተተው?"

ማርቆስ ፈገግ ሊል ምንም አልቀረውም ነበር። ይህ ጥያቄ ለተማሪዎቹ የሚወደው ጥያቄ መሆኑን ዐወቅሁበት። "ደረቅ ወረቀት ይስጡኝ፣ ጓድ ሊቀመንበር።" ተካ ያልተሞላ ቅጽ ከዶሴው አውጥቶ ሰጠው። ማርቆስ ትሉን ወረቀቱ ላይ አሳረፈውና ጣቱን አፉ ላይ አደረገ። "ዝም ብላችሁ ስሙ።"

ያ ሁሉ ሰው ዝም አለ። በላይም ዝም አለ። ትሉ ሲሳብ ወረቀቱ ላይ ጭር፣ ጭር፣ ጭር የሚል ድምፅ ተሰማ።

"በየቀለበቱ ስምንት ጥቃቅን ፀጉር አለው፤ ጥንድ ጥንድ ሆነው በአራት ረድፍ። የመጀመሪያውና የመጨረሻው ቀለበት ብቻ የላቸውም። መሬቱን የሚቧጥጥባቸው ናቸው። የምትሰሙት የእነሱን ድምፅ ነው።"

ከፊት ወንበር ላይ አንድ ሽማግሌ "ወይ የፈጣሪ ሥራ!" አሉ፤ ወዲያው የተናገሩበትን ቦታ አስታውሰው ወደ ጫማቸው አቀረቀሩ። እኔ ያን ድምፅ ለተማሪዎቼ አሰምቼ አላውቅም ነበር። ከእኔ የተሻለ መምህር ነው። ይህንን ያወቅሁት በዚያች ደቂቃ ነው፤ ከዚያ በኋላ ስለ ማንነቱ አንዳች ጥርጣሬ አልነበረኝም።

"አራተኛ" አለ ተካ፤ ድምፁ ላላ ብሎ ነበር። "ኮርቻ የሚባል ነገር አለው። የቱ ጋ ነው?"

ማርቆስ ትሉን አገላበጠው። "ይሄ ኮርቻ የለውም። ገና አልደረሰም።"

"አመለጠ!" ብሎ ጮኸ በላይ።

ተካ ወደ እኔ ዞረ። "ጓድ ጽጌ?"

"እውነቱን ነው" አልሁ። "ኮርቻ የሚወጣው ለመራባት ሲደርስ ነው። የደረሰ ትል ይምጣለት።"

ልብ በሉ። ሳልጠየቅ ማብራሪያ ጨመርሁ። ማንም አልከለከለኝም፤ ማንም "ለምን ተናገርሽ" አላለኝም። ይህን የማስታውሳችሁ፣ ከጥቂት ደቂቃ በኋላ ያደረግሁትን ፍርሃት ነው እንዳትሉልኝ ነው።

በላይ እያጉረመረመ ወጥቶ ከአጥሩ ሥር ቆፍሮ ተመለሰ። አሁን ያመጣው ትል የጣት ውፍረት አለው፤ ኮርቻው ከሩቅ ይታያል።

"ይኸው" አለ ማርቆስ እያሳየ።

"ከስንተኛው ቀለበት ይጀምራል፣ በስንተኛው ያበቃል?"

"ከሠላሳ ሁለተኛው ጀምሮ በሠላሳ ሰባተኛው ያበቃል።"

ትሉን አላየውም። ቁጥሩን የተናገረው እኔም በልጅነቴ በተማርሁበት፣ ሁላችንም በቃላችን ባጠናንበት ዜማ ነው። በመጽሐፉ ያልተማረ ሰው ያን ቁጥር ከየትም አያመጣውም። የሚፈለገው ሰው ቢሆን ኖሮ ወይ "አላውቅም" ይል ነበር፣ ወይ ጎንበስ ብሎ ይቆጥር ነበር። ሠላሳ ሁለት ብሎ የሚመልስ መምህር ብቻ ነው።

ተካ ወረቀቱን ረጅም ጊዜ አየው። "እርግጠኛ ነህ?"

"እርግጠኛ ነኝ።"

ከክፈፉ ላይ ስፒል ነቅሎ ዘረጋለት። "ቁጠር።"

ማርቆስ በስፒሉ ጫፍ ትሉን ሳይወጋ፣ ከአፉ ጀምሮ መቁጠር ጀመረ። "አንድ። ሁለት። ሦስት..." አዳራሹ በመሠረተ ትምህርት በለመደው ልማድ አብሮት ይቆጥር ጀመር። "ሰባት! ስምንት! ዘጠኝ!" ሴቶቹም፣ ሽማግሌዎቹም። "አሥራ ሁለት! አሥራ ሦስት!" ስፒሉ አሥራ አራት ላይ ሲደርስ ቆመ። ከኮርቻው ጠርዝ ላይ ነበር። ሕዝቡ ግን ያለ እሱ "አሥራ አምስት!" ብሎ ቀጠለና ተደናቅፎ ጸጥ አለ።

"የት ደረስህ?" አለ ተካ።

"አሥራ አራት።"

"ሠላሳ ሁለት አላልህም?"

"ብያለሁ።" ትሉን እንደገና አየው፤ ፊቱ ላይ ከፍርሃት ይልቅ መደነቅ ነበር። "እንዲያ ነው የተማርሁት። እንዲያ ነው ያስተማርሁት። ራሴ ቆጥሬ ግን አላውቅም።"

"ሰማችሁ!" አለ በላይ። "ያስተማረውን አይቶት አያውቅም! ይሄ ነው መምህር?"

ሳቁ ከጣሪያው ቆርቆሮ ላይ ተመለሰ። ማርቆስ ቀና ብሎ ወደ እኔ ተመለከተ። ተስፋ ያለው ዐይን ነበር። የሥራ ባልደረባ ሌላውን ባልደረባ የሚያይበት ዐይን ነው፤ "እርስዎ ይገባዎታል" የሚል።

"ጓድ ጽጌ፣ መልሱ ልክ ነው ወይስ አይደለም?"

ቆምሁ። "ልክ አይደለም" አልሁ። "ኮርቻው ከአሥራ አራተኛው ይጀምራል፣ በአሥራ ስምንተኛው ያበቃል።"

በላይ ትሉን ነጥቆ ቆጠረ፤ አሥራ ስምንት ላይ ሲያበቃ "ልክ እንዳለችው!" ብሎ ጮኸ። አዳራሹ አጨበጨበልኝ።

አሁን ለምን ዝም እንዳልሁ ልናገር። ፈርቼ አልነበረም፤ አስቀድሜ አሳይቻችኋለሁ። ሰውየውን ጠልቼ አልነበረም፤ አላውቀውም። ጴንጤ ስለሆነም አልነበረም፤ የእኔ ቤት ሰዎች የገብርኤልን በዓል ከማክበር ያለፈ ሃይማኖት አልነበራቸውም። ምክንያቱ ይህ ነው፦ ሁለት ክረምት ጭቃ ውስጥ ተንበርክኬ ያገኘሁትን እውነት በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ሰው ሰማው። ፕሮፌሰር መሳቢያ ውስጥ የከተተውን፣ መምህራን የሳቁበትን፣ የጎፋ ሽንኩርት ሻጮችና ሸማኔዎች ቆጥረው አረጋገጡልኝ። "ይህ ስህተት መምህርነቱን ያረጋግጣል" ብል ኖሮ ጭብጨባው በመሐል ይቋረጥ ነበር። እንዲቋረጥ አልፈለግሁም። ይኸው ነው። ከዚህ የበለጠ ጥልቀት የለውም።

ማርቆስን ከአዳራሹ ጀርባ ወደታሰረበት ጓዳ መለሱት። እኔ ተካን "ትሉን ልውሰደው?" አልሁት። የደረሰ፣ ያልተጎዳ፣ ጥሩ ናሙና ነበር።

"ውሰጂው" አለኝ። "ምሁር ማለት እንዲህ ነው።"

ከቀኑ በአሥር ሰዓት ማርታ ቤታችን መጣች። ጸጉሯ በዝናብ ርሷል። ከብብቷ ሥር በላስቲክ የተጠቀለለ ደብተር አወጣች።

"እህቴ፣ ይሄን ይዩልኝ። ከሻንጣው ሥር ነው ያገኘሁት፤ ፈታሾቹ አላዩትም። እኔ ማንበብ አልችልም፤ ትሉን ግን ዐወቅሁት።"

የማስተማሪያ ማስታወሻው ነበር። ገጽ ሙሉ ትል ስሏል፤ አፉን፣ ፀጉሮቹን፣ ቀለበቶቹን በጥንቃቄ አመልክቷል። ከኮርቻው አጠገብ "32–37" ብሎ ጽፎ ሁለት ጊዜ አስምሮበታል። በግርጌው ላይ "ወረቀት ላይ አስቀምጦ ማሰማት" ይላል።

"ለምን ራስሽ አትወስጂላቸውም?"

"ያ በላይ የሚሉት መቼ ያስገባኛል! 'ሂጂ ከዚህ፣ የጴንጤ ወሬሽን' ይለኛል። እርስዎን ግን ይሰማሉ። ዛሬ አላዩም እንዴ፣ ያ ሁሉ ሰው?"

"ነገ ጠዋት እወስድልሻለሁ።"

"አሁን ቢሆንስ፣ እህቴ? መንገዱ ቅርብ ነው፤ አብሬዎት ልሂድ።"

"ቢሮው ቅዳሜ ከሰዓት ዝግ ነው።"

እውነት ነው፤ ዝግ ነበር። የተካ ቤት ግን ከእኛ አራተኛው በር ነው፤ እየተነጋገርን ሳለ የስፌት መኪናው ድምፅ ይሰማኝ ነበር። ማርታ እጄን ልትስም ጎንበስ ስትል እጄን ሰበሰብሁ። ከሄደች በኋላ ትሉን በአልኮል ውስጥ አኖርሁ፣ ርዝመቱን ለካሁ፣ ቀለበቶቹን እስከ ጭራው ቆጠርሁ፤ ሁለት መቶ አሥራ አንድ ነበሩ። ማለዳ ሄጄ ምን እንደምል አሰብሁ። አጭርና የተቀነባበረ ማብራሪያ አዘጋጀሁ። በዚያ ማብራሪያ ውስጥ ደግሞ ሠላሳ ሁለት ለምን ስህተት እንደሆነ የሚያስረዳ ሰፊ ክፍል ነበረበት።

እሑድ ጠዋት ለሁለት ሰዓት ሩብ ጉዳይ ላይ ተካን ቢሮው ውስጥ አገኘሁት፤ አሰሳ በነበረበት ሳምንት እሑድም ይገባ ነበር። ደብተሩን ፊቱ ዘርግቼ አስረዳሁ። ንባቡ ዝግ ያለ ስለነበር ጣቱን በቁጥሩ ላይ አድርጎ ቆየ።

"ሠላሳ ሁለት" አለ። "ይሄ ሠላሳ ሁለት የሚባለው... መጽሐፍ ላይ አለ?"

"አለ። መምህራን ሁሉ የሚያስተምሩት እሱን ነው።"

"ሁሉም?"

"ሁሉም።"

"ታዲያ ትናንት ይህን ለምን አልነገርሽኝም?"

"የጠየቅኸኝ መልሱ ልክ መሆን አለመሆኑን ነው።"

ቀና ብሎ አየኝ። ያን አስተያየት በልጅነቴ፣ ጨርቅ የቆረጠበት መቀስ ሲስትበት ብቻ ነበር ያየሁት። "እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ፣ ጽጌ" አለ በዝግታ። "አንቺን የጠራሁሽ ምን ብዬ መጠየቅ እንዳለብኝ ስለማላውቅ ነው።"

ስልኩን አነሳ። ማርቆስን ማታ በአሥራ ሁለት ሰዓት በመኪና ወስደውት ነበር። ተካ ስሙን ደጋግሞ ተናገረ፤ "መምህር ነው፣ አረጋግጠናል፣ ስህተቱ የእኛ ነው" አለ። ከዚያ አዳመጠ። "እሺ" አለ። ስልኩን ሲያስቀምጠው ድምፅ እንዳያሰማ ተጠነቀቀ።

"ምን አሉ?"

"ተጠናቋል አሉ።"

ሁለት ሰዓት ሆነ። በመስኮቱ ማርታ ምሳ ዕቃዋን ይዛ ከዋናው በር አጠገብ ድንጋይ ላይ ተቀምጣ ትታየኝ ነበር። በጓሮ በር ወጣሁ።

አንባቢዎቼ፣ ከዚያ ምን ሆነሽ ብላችሁ ትጠይቁ ይሆናል። ከዚያ ተሳካልኝ። ውጭ አገር ሄጄ ሦስተኛ ዲግሪዬን ያዝሁ፤ የላፍቶ ትሎችን የሚመለከተው ሥራዬ ታትሟል፣ ዛሬ በመስኩ ያሉ ሰዎች ይጠቅሱታል። በአልኮል ውስጥ ያኖርሁት ትል ከናሙናዎቹ አንዱ ነው። ለትሉ ስም የመስጠት ዕድል ሲገጥመኝ የማርቆስን ስም ልሰጠው አስቤ ነበር፤ ተውሁት። ሰውን በአንድ ቃል ማዳን ሲቻል ሳያድኑ ቀርቶ በስሙ ትል መጥራት ንስሐ አይደለም፤ ማጌጫ ነው። በተካ ላይም አልፈርድም፤ ከእኛ መካከል ሰውየውን ለማዳን መንገድ የፈለገው እሱ ብቻ ነበር። መንገዱ በእኔ በኩል ማለፉ ነው ጥፋቱ።

የተለወጠብኝ አንድ ነገር ነው። ቀድሞ እውነት በራሷ ንጹሕ ናት ብዬ አምን ነበር። አሁን ማንም ሰው ቀጥ ብሎ "እኔ የተጠየቅሁትን በትክክል መለስሁ" ሲለኝ፣ ቀጥሎ የምጠይቀው በዚያ መልስ ማን እንደተወሰደ ነው። እናንተም ራሳችሁን እንዲህ ብትጠይቁ ይሻላችኋል። በቢሮ፣ በፍርድ ቤት፣ በክፍል ውስጥ ወረቀት ተሰጥቷችሁ "ልክ ነው ወይስ አይደለም" ስትባሉ ትዝ ይበላችሁ። የማትጠየቁት ነገር ብዙ ጊዜ የምታውቁት ነገር ነው።

መንግሥት ከተለወጠ በኋላ ወደ አገሬ ተመልሼ ጎፋ ሄድሁ። ማርታ አሁን ከጉልት ወጥታ ትንሽ ሱቅ ከፍታለች። ተራዬን ጠብቄ ፊቷ ቆምሁ።

"ስንት ኪሎ ላድርግልዎ?"

"ማርታ፣ ጽጌ ነኝ።"

"ከሩቅ ነው ያወቅሁዎት" አለች፤ እጇ ሚዛኑ ላይ ነበር። "ስንት ኪሎ?"

"ወንድምሽ መምህር ነበር" አልኋት። "ያን ዕለትም ዐውቄ ነበር።"

ሰው ከኋላዬ ተሰልፏል።

"እሱንማ እኔ መች አጣሁት" አለችኝ። "ለእነሱ ነበር መንገር።"

ከዚያ በትከሻዬ አሻግራ ከኋላዬ ወደቆመው ሰው ተመለከተች። "ለእርስዎስ ምን ልስጥዎ?"